የስልክን ሩት ማንሳት፦ ፋክተሪ ሪሴት ለምን አይበቃም?

አንድ ሰው ከሁለት ዓመት በፊት ሩት ያደረገውን አንድሮይድ ስልክ ሊሸጥ ያስባል። ወይም የባንኩ መተግበሪያ ከዝማኔ በኋላ «ይህ ስልክ ደኅንነቱ አስተማማኝ አይደለም» ብሎ አልከፈት ይለዋል። መፍትሔው ግልጽ ይመስለዋል። ወደ ቅንብሮች ገብቶ ፋክተሪ ሪሴት ያደርጋል፤ ፎቶግራፉ፣ መልእክቱ፣ የስልክ ቁጥሩ ሁሉ ይጠረጋል፤ ስልኩም ገና ከካርቶኑ እንደወጣ ሁሉ ቋንቋ ምረጡ እያለ ይነሳል። ከዚያ የባንኩን መተግበሪያ መልሶ ይጭናል። የሚያገኘው መልስ ያው የቀድሞው ነው።

እኔም በዚሁ መንገድ አንድ ቅዳሜ ሙሉ አጥፍቻለሁ። ስልኩን ሦስት ጊዜ ጠረግሁት፣ ሦስቱንም ጊዜ ተከለከልሁ። የምጠርገው ክፍልና ሩቱ የተቀመጠበት ክፍል የተለያዩ መሆናቸውን አላወቅሁም ነበር። ይባስ ብሎ መጀመሪያ ላይ መጥረጌ ራሱ ቀላሉን መንገድ ዘግቶብኛል፤ እንዴት እንደዘጋብኝ ወደ በኋላ እመጣበታለሁ።

ሩት ምንድን ነው?

የአንድሮይድ እምብርት ሊኑክስ ነው፤ ሊኑክስ ደግሞ አሠራሩን የወረሰው እ.ኤ.አ. በ1969 በቤል ላቦራቶሪ መሠራት ከጀመረው ከዩኒክስ ነው። በዚያ ዘመን አንድ ኮምፒውተር ብዙ ሰዎች ይጋሩት ስለነበር እያንዳንዱ ተጠቃሚ ቁጥር ይሰጠው ነበር። ቁጥር 0 የአስተዳዳሪው ነው፤ ሩት የሚባለውም እርሱ ነው። የትኛውንም ፋይል ማንበብ፣ መለወጥና ማጥፋት ይችላል፤ ለምን ብሎ የሚጠይቀው የለም።

አንድሮይድ ይህን አሠራር ለሌላ ጉዳይ አዋለው። ስልክ አብዛኛውን ጊዜ የአንድ ሰው ስለሆነ፣ ቁጥሩ ለሰው መሰጠቱ ቀርቶ ለመተግበሪያ ሆነ። የምትጭኑት መተግበሪያ ሁሉ ከ10000 ጀምሮ ካሉት ቁጥሮች አንዱ ይደርሰዋል። ብዙ ተከራይ ያለበትን ግቢ አስቡ፤ ሁሉም የየራሱን ክፍል ቁልፍ ይዟል፣ የጎረቤቱን በር ግን መክፈት አይችልም። የእጅ ባትሪ የሚያበራው መተግበሪያ የባንኩን መተግበሪያ ፋይል የማያነበው በዚህ ምክንያት ነው። ሩት የግቢውን በር ሁሉ የሚከፍተው ቁልፍ ነው። ስልኩን በገንዘባችሁ ብትገዙትም አምራቹ ይህን ቁልፍ አብሮ አያስረክባችሁም።

ሩት ማድረግ ማለት እንግዲህ ያን ቁልፍ ወደ ስልኩ ማስገባት ነው። ቁልፉ «ሱ» የሚባል ትንሽ ፕሮግራም ሲሆን፣ ሥራው ለጠየቀው መተግበሪያ የቁጥር 0ን ሥልጣን ማሰጠት ነው። ከእርሱ ጋር ዘበኛ የሚሆን ሌላ መተግበሪያ ይመጣል፤ «ይህ ፕሮግራም ሩት ይፈልጋል፣ ልፍቀድለት?» እያለ የሚጠይቃችሁ እርሱ ነው። ከእነዚህ ዘበኞች በጣም የታወቁት የቀድሞው ሱፐርኤስዩ እና የዛሬው ማጊስክ ናቸው።

ቁልፉ ማንም ሳይፈልገው የተገኘበት ጊዜም ነበር። እ.ኤ.አ. በ2008 ለገበያ በቀረበው የመጀመሪያው የአንድሮይድ ስልክ፣ ኤችቲሲ በሠራውና ቲ-ሞባይል ጂ1 በሚል ስም በሸጠው፣ በቁልፍ ሰሌዳው ላይ የሚጻፈው ሁሉ ከጀርባ ወደ አንድ ድብቅ የትእዛዝ መቀበያም ይሄድ ነበር፤ መቀበያው ደግሞ የሚሠራው በሩት ሥልጣን ነበር። «ሪቡት» የሚለውን የእንግሊዝኛ ቃል በመልእክት ውስጥ የጻፈ ሰው ስልኩ በእጁ ላይ ጠፍቶ ሲነሳ ተመለከተ። ጉግል ጉድለቱን በዝማኔ አረመው። ዛሬ ሩት እንዲህ በአጋጣሚ አይገኝም፣ እንዲህ በቀላሉም አይነሳም።

ከሩት ጋር የሚምታቱ ነገሮችም አሉ። የገንቢ አማራጮችን መክፈት ሩት አይደለም። የዩኤስቢ ማረሚያን ማብራትም አይደለም፤ ምንም እንኳ አንዳንድ ጥብቅ መተግበሪያዎች በዚህም ቢያኮርፉ። ስልኩ የየትኛውንም ኩባንያ ሲም ካርድ እንዲቀበል ማስከፈትም ፈጽሞ ሌላ ጉዳይ ነው።

ሩቱ ስልኩ ውስጥ የት ነው የተቀመጠው?

ቅዳሜዬን ያጠፋሁት የዚህን ጥያቄ መልስ ባለማወቄ ነው።

የስልክ ማከማቻ አንድ ትልቅ ሣጥን አይደለም። ፋብሪካው በብዙ ክፋዮች ቆራርጦታል፤ ለእኛ ጉዳይ የሚያስፈልጉት ሦስት ናቸው። ዳታ የሚባለው የእናንተ ነው፤ ፎቶግራፍ፣ መልእክት፣ የጫናችኋቸው መተግበሪያዎች እዚያ ናቸው። ሲስተም የሚባለው ሥርዓተ ክወናው ራሱ የተቀመጠበት ነው። ቡት የሚባለው ደግሞ ስልኩ ሲበራ መጀመሪያ የሚነሳውን ከርነል፣ ማለት የሥርዓተ ክወናውን እምብርት፣ እና አስነሺ ፋይሎቹን የያዘ ትንሽ ክፋይ ነው። በቤት ብንመስለው ዳታ የቤት ዕቃ፣ ሲስተም ግድግዳው፣ ቡት ደግሞ የመግቢያው በር ነው።

ፋክተሪ ሪሴት የሚጠርገው ዳታን ነው። ዕቃውን ሁሉ አውጥቶ ቤቱን ባዶ ያደርገዋል። ግድግዳውን አይነካም፤ በሩ ላይ ያለውንም ቁልፍ አይቀይርም።

በቀድሞው ዘዴ «ሱ» የሚገባው ወደ ሲስተም ክፋይ ነበር። ዳታ ሲጠረግ እርሱ ግድግዳው ውስጥ ተሸጉጦ ይቆያል። ከዚያ አንድሮይድ ግድግዳውን መጠበቅ ጀመረ። ከአንድሮይድ 4.4 አንስቶ የሲስተም ክፋይ መነካት አለመነካቱን የሚያረጋግጥ ዘዴ ገባ፤ እ.ኤ.አ. በ2016 በወጣው አንድሮይድ 7.0 ደግሞ ጥብቅ ሆነ፤ ከዚያ ሥሪት ጀምሮ የተሠሩ ስልኮች ሲስተማቸው ተነክቶ ከተገኘ መነሳት እስከ መከልከል ይደርሳሉ። በዚያው ዓመት ጆን ዉ የተባለ ፕሮግራም ሠሪ ማጊስክን ይዞ ብቅ አለ። ብልሃቱ ግድግዳውን ጨርሶ አለመንካት ነው። ማጊስክ የሚለውጠው ቡት ክፋይን ነው፤ ስልኩ በተነሳ ቁጥር ሩቱን ከበሩ ላይ ይዞ ይገባል፣ በሲስተም ላይ የሚታዩት ለውጦች ሁሉ ስልኩ በርቶ ሳለ ብቻ የሚዘረጉ መጋረጃዎች ናቸው። ከአንድሮይድ 13 ጋር ለገበያ በቀረቡ ስልኮች የሚለወጠው ክፋይ ኢኒት ቡት የሚባለው ሆኗል እንጂ ነገሩ ያው ነው።

ስለዚህ ማጊስክ ያለበት ስልክ ፋክተሪ ሪሴት ሲደረግ መተግበሪያው ከማያ ገጹ ይጠፋል፤ የተለወጠው ቡት ግን ባለበት ነው። ከጥቂት ደቂቃዎች በኋላ የማጊስክ ምልክት ያላት ትንሽ መተግበሪያ ብቅ ብላ ሙሉውን ልጫን ስትል ብዙ ሰው ስልኬን ቫይረስ ያዘው ይላል።

ቫይረስ ካነሣን አይቀር፣ እ.ኤ.አ. በ2019 ብዙ የተወራለት ኤክስሄልፐር የተባለው ጎጂ ፕሮግራም ከፋክተሪ ሪሴት በኋላ ተመልሶ ይመጣ የነበረው በዚሁ ምክንያት ነው። ተባባሪው ፕሮግራም በአሮጌ ስልኮች ላይ ራሱ ሩት ያገኝና ፋይሎቹን ሲስተም ክፋይ ውስጥ ይቀብራቸው ነበር። ባለቤቱ ዕቃውን ይጠርጋል፣ እርሱ ከግድግዳው ይወጣል።

የባንኩ መተግበሪያ እንዴት ያውቃል?

መጀመሪያ ላይ ፍተሻው የዋህ ነበር። መተግበሪያው በታወቁ ቦታዎች «ሱ» የሚባል ፋይል ይፈልጋል፣ የማጊስክ ወይም የሱፐርኤስዩ መተግበሪያ ተጭኖ እንደሆነ ያያል፣ ካገኘ ይዘጋል። ሩት አድራጊዎችም መደበቅን ተማሩ። እ.ኤ.አ. በ2016 ፖኪሞን ጎ ሩት ያለባቸውን ስልኮች ማገድ ሲጀምር፣ በ2017 ደግሞ ኔትፍሊክስ የጉግልን ፍተሻ ላላለፉ ስልኮች በፕሌይ ስቶር ላይ መታየቱን ሲያቆም ድብብቆሹ ደመቀ። የድብብቆሹ ዋና መሣሪያ የነበረውን ማጊስክን የሠራው ሰው በ2021 ወደ ጉግል የአንድሮይድ ደኅንነት ቡድን ተቀጥሮ ገባ፤ መደበቂያውም ከማጊስክ ወጣ። ሌሎች ወዲያው ተክተውታል።

ጨዋታውን የለወጠው ፍተሻው ከሶፍትዌር ወደ ቺፑ መውረዱ ነው። ይህን ለመረዳት ቡትሎደርን ማወቅ ያስፈልጋል።

ስልክ ሲበራ ሥርዓተ ክወናው በቀጥታ አይነሳም። በመጀመሪያ በቺፑ ውስጥ በፋብሪካ የተቀረጸ፣ ሊለወጥ የማይችል አጭር ፕሮግራም ይነሳል። እርሱ ቡትሎደሩን፣ ቡትሎደሩ ቡት ክፋይን፣ ቡት ደግሞ ሲስተምን ይመረምራል። እያንዳንዱ የሚቀጥለው የአምራቹ ዲጂታል ፊርማ እንዳለው ሳያይ አያሳልፍም። በሰም የታሸገ ደብዳቤ ከእጅ ወደ እጅ ሲተላለፍ ተቀባዩ ሁሉ ማኅተሙን እንደሚያይ ማለት ነው። ሩት ለማድረግ የተለወጠ ቡት ማስገባት የግድ ስለሆነ፣ በቅድሚያ ቡትሎደሩ ፊርማ ማየቱን እንዲተው ማድረግ ያስፈልጋል። ቡትሎደር መክፈት የሚባለው ይህ ነው።

በዛሬ ስልኮች ቺፑ ውስጥ ከሥርዓተ ክወናው የተለየ የተጠበቀ ክፍል አለ፤ ሩት ያለው ፕሮግራም እንኳ አይገባበትም። ጉግል ፕሌይ ኢንተግሪቲ በሚባለው፣ የቀድሞውን ሴፍቲኔት በተካው ፍተሻው በኩል ስለ ስልኩ ሲጠየቅ፣ ይህ ክፍል ቡትሎደሩ ክፍት ይሁን ዝግ የሚገልጽ የምስክር ወረቀት በራሱ ቁልፍ ፈርሞ ይሰጣል። የፍተሻው ውጤት መሠረታዊ፣ የመሣሪያ እና ጠንካራ የሚባሉ ደረጃዎች አሉት፤ የትኛውን እንደሚጠይቅ የሚወስነው እያንዳንዱ መተግበሪያ ነው።

እንግዲህ አንዱ መተግበሪያ «ቁልፉ አሁን ቤት ውስጥ አለ?» ብሎ ይጠይቃል። ሌላው «ማኅተሙ እንዳለ ነው?» ይላል። ሩቱን አንሥታችሁ ቡትሎደሩን ክፍት ከተዋችሁት የመጀመሪያው ይከፈትላችኋል፣ ሁለተኛው በሩን አይከፍትም። «ሩቱን አነሣሁ፣ ግን አንዱ ባንክ ይሠራል፣ ሌላው አይሠራም» የሚለው የተለመደ ግራ መጋባት ምንጩ ይኸው ነው።

ማጊስክን ብቻ ማስወገድ ለሚፈልግ?

ፋክተሪ ሪሴት አታድርጉ። ቢያንስ መጀመሪያ ላይ።

ማጊስክ ሲጫን የቀድሞውን ንጹሕ ቡት ቅጂ ያስቀምጣል፤ የሚያስቀምጠው ደግሞ በዳታ ክፋይ ውስጥ ነው። ስልኩ ሲጠረግ ቅጂውም አብሮ ይጠረጋል። ቅዳሜዬን የበላው ይህ ነው፤ መልሼ ማጊስክን ጭኜ ቀድሞ የነበረውን ቡት መልስ ስለው ቅጂው የለም አለኝ።

ያልተጠረገ ስልክ ላይ ግን ሥራው የደቂቃዎች ነው። የማጊስክ መተግበሪያ ሲከፈት የማስወገጃ ቁልፍ አለው፤ ሁለት ምርጫ ያቀርባል። አንደኛው የቀድሞዎቹን የክፋይ ምስሎች ብቻ ይመልሳል፤ ይህ በአብዛኛው የሚጠቅመው ይፋዊ ዝማኔ ከመጫን በፊት ነው። ሁለተኛው ሙሉ በሙሉ ያስወግዳል፤ ቡቱን ይመልሳል፣ የተጫኑትን ሞጁሎች፣ ማለት በማጊስክ በኩል ስልኩን የሚለውጡ ጭማሪዎችን፣ ያጠፋል፣ በመጨረሻም ራሱን አራግፎ ስልኩን ያስነሣዋል። መምረጥ ያለባችሁ ይህን ነው።

የመተግበሪያውን ምልክት ይዞ ወደ ማራገፊያው መጎተት ግን ምንም አይፈይድም። የሚባረረው ዘበኛው ነው፤ የተለወጠው በር እንዳለ ነው።

ቅጂው ቢጠፋም ማስወገጃው ባዶ እጁን አይቀርም። በቡቱ ውስጥ ራሱ ባስቀመጠው ትንሽ ማስታወሻ ተመርቶ የጨመረውን ይቀንሳል። ሩቱ ይጠፋል። ይሁን እንጂ እንዲህ የተመለሰ ቡት ከአምራቹ ቡት ጋር ባይት ለባይት ላይመሳሰል ይችላል። ቡትሎደሩ ክፍት እስከሆነ ድረስ ችግር የለውም፤ ለመቆለፍ ያሰበ ሰው ግን በዚህ ቡት ላይ እንዳይቆልፍ።

በአሮጌ ስልኮች ላይ ያለው ሱፐርኤስዩም በቅንብሮቹ ውስጥ ሙሉ ማንሻ ምርጫ አለው። እዚያ የሚመጣው ችግር ሌላ ነው፤ ሲስተም ክፋይ አንድ ጊዜ ስለተነካ ይፋዊ ዝማኔ አይጫንም። ከአንድሮይድ 5.0 ወዲህ ዝማኔ የሚሠራው ክፋዩን እንደ አንድ ቁራጭ አይቶ ስለሆነ አንዲት ፋይል እንኳ ብትጨመር ወይም ብትጎድል ስሌቱ ይፈርሳል። በአንድ ጠቅታ ሩት እናደርጋለን ይሉ በነበሩት እንደ ኪንግሩት ባሉ መተግበሪያዎች የተሠራ ስልክ ካላችሁ ደግሞ የማስወገጃ ቁልፋቸውን ማመን አይገባም ባይ ነኝ። በየት በኩል ምን እንደተዉ ማጣራት ራስ ምታት ነው፤ ወደሚቀጥለው ክፍል እለፉ።

ሙሉውን ሶፍትዌር መጫን ምን ማለት ነው?

ግድግዳውንም በሩንም አምራቹ በሠራው መተካት ማለት ነው። ለዚህ ፈርምዌር የሚባለው ሙሉ የሶፍትዌር ጥቅል ያስፈልጋል፤ በኮምፒውተርና በዩኤስቢ ገመድ ይጫናል።

ከሁሉ በፊት ምትኬ ያዙ። ይህ ምክር የተሰለቸ ነው፤ ስለዚህ የሚረሱትን ሁለት ነገሮች ብቻ ልጥቀስ። አንዱ ባለ ስድስት አሃዝ ኮድ የሚያመነጩ የማረጋገጫ መተግበሪያዎች ናቸው፤ ወደ ሌላ ስልክ ሳይዛወሩ ከተጠረጉ ከየመለያችሁ ውጭ ትቀራላችሁ። ሌላው የጉግል መለያችሁ የይለፍ ቃል ነው። ከአንድሮይድ 5.1 ጀምሮ ስልኮች በቅንብሮች በኩል ሳይሆን ከውጭ ሲጠረጉ፣ ስርቆትን ለመከላከል ሲባል፣ ሲነሱ የቀድሞውን መለያ ይጠይቃሉ። የይለፍ ቃሉን የማያስታውስ ሰው የራሱን ስልክ የሰረቀ ያህል ይቆጠራል።

ከዚያ ትክክለኛውን ጥቅል ማግኘት ይመጣል። የስልኩ የገበያ ስም አይበቃም። በአንድ ስም የሚሸጡ ስልኮች እንደየአገሩ የተለያየ የሞዴል ቁጥር፣ አንዳንዴም የተለያየ ቺፕ አላቸው። ስለ ስልኩ በሚለው ቅንብር ውስጥ ያለውን የሞዴልና የግንባታ ቁጥር መዝግባችሁ ጥቅሉን ከእርሱ ጋር አስተያዩ።

አጫጫኑ እንደ አምራቹ ይለያያል። የጉግል ፒክስል ባለቤቶች ዕድለኞች ናቸው፤ ጉግል የየሞዴሉን ጥቅል በግልጽ ያወጣል፣ በኮምፒውተር ማሰሻ ውስጥ የሚሠራ መጫኛም አዘጋጅቷል። ሳምሰንግ ላይ የሚሠራበት ኦዲን የሚባል ፕሮግራም ሲሆን ጥቅሉ ወደ አራት ፋይሎች ተከፍሎ ይመጣል። ከእነዚህ ሲኤስሲ የሚባለው በሁለት መልክ ይቀርባል፤ ዝም ብሎ ሲኤስሲ የሚለው ዳታን ይጠርጋል፣ ሆም የሚል ቅጥያ ያለው ግን አይጠርግም። ሩት ከነበረበት ስልክ ጋር በተያያዘ ጠራጊውን መምረጥ ይሻላል፤ የድሮ ሞጁሎች ትርፍራፊ አዲሱን ሶፍትዌር ሲያውኩ ይታያል።

ሻዎሚ ላይ ሚፍላሽ የሚባለው መጫኛ ከታች በኩል ጥቂት ምርጫዎች ያስቀምጣል። ከእነርሱ አንዱ ሁሉን ጠርጎ ቡትሎደሩንም ይቆልፋል፤ ብዙ ጊዜ አስቀድሞ ተመርጦ የሚገኘውም እርሱ ነው። ለቻይና ገበያ በተሠራ ስልክ ላይ የዓለም አቀፉን ሶፍትዌር ጭኖ በዚህ ምርጫ የቆለፈ ሰው፣ ይህ ሥሪት በዚህ ስልክ ላይ አይሠራም የሚል ጽሑፍ ብቻ የሚያሳይ ስልክ ይታቀፋል። ቁልፉን ከመጫናችሁ በፊት ያችን መስመር ሁለት ጊዜ አንብቧት።

የቆየ ሥሪት መጫንም ወጥመድ አለው። ቺፑ እስከዛሬ ያየውን ከፍተኛ የሥሪት ደረጃ የሚመዘግብ ቆጣሪ ሊኖረው ይችላል፤ ከዚያ ያነሰ ሲመጣ አይቀበልም። ነሐሴ 2022 እ.ኤ.አ. አንድሮይድ 13 ሲወጣ የፒክስል 6 ስልኮች ይህ ቆጣሪ ከፍ ተደርጎ ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ወደ አንድሮይድ 12 የተለመደው መመለሻ ተዘጋ። ስልኩ ላይ ካለው እኩል ወይም አዲስ የሆነውን ሥሪት ምረጡ።

ቡትሎደሩን መቆለፍ ለምን ያስፈራል?

ቅደም ተከተሉ ከተሳተ ስልኩን ስለሚገድለው ነው።

ክፍት ቡትሎደር ፊርማ አያይም፤ የተበላሸም የተለወጠም ይነሳለታል። ሲቆለፍ ግን ማየት ይጀምራል። የተለወጠ ቡት እንዳለ ከተቆለፈ፣ ቡትሎደሩ ፊርማው አምራቹ የፈረመው አለመሆኑን ያይና ሥራውን ይሠራል፣ አያስነሳም። ቀይ ማስጠንቀቂያ ይወጣና እዚያው ይቆማል። መልሶ ለመክፈት የሚያስችለው የፋብሪካ መክፈቻ ፈቃድ ደግሞ በስልኩ የገንቢ አማራጮች ውስጥ ያለ ማብሪያ ማጥፊያ ነው፤ እርሱ ጠፍቶ ከነበረ ለማብራት ስልኩ መነሳት አለበት፣ ስልኩ ደግሞ አይነሳም። ቁልፉን ቤት ውስጥ ረስቶ በሩን ከውጭ እንደመሳብ ነው።

ስለዚህ መጀመሪያ ሙሉው የፋብሪካ ሶፍትዌር ይጫናል። ቀጥሎ ስልኩ በእርሱ ይነሳል፤ ጥሪ፣ ኢንተርኔት፣ ካሜራ መሥራታቸው ይታያል። የመክፈቻ ፈቃዱ እንደበራ ይቆያል። ከዚህ ሁሉ በኋላ ብቻ ይቆለፋል። መቆለፍ ራሱ ዳታን ይጠርጋል፤ መክፈትም እንዲሁ። ይህ ተንኮል አይደለም፤ ባይጠርግ ኖሮ ስልክ የሰረቀ ሰው ቡትሎደሩን ከፍቶ፣ የፈለገውን ቡት አስገብቶ፣ ፎቶግራፋችሁን ለማየት መንገድ ያገኝ ነበር። በተቆለፈው ስልክ ላይ ሁሉም ደኅና ከሆነ ፈቃዱን መጨረሻ ላይ ማጥፋት ይቻላል።

ከአንድሮይድ 7.0 ወዲህ ብዙ ስልኮች ሁለት ረድፍ ክፋዮች አሏቸው፤ በአንዱ ሲሠሩ ዝማኔው በሌላው ይጫናል። ንጹሑን ቡት በአንዱ ረድፍ ብቻ ጭኖ ሌላው ላይ የተለወጠውን የተወ ሰው ችግሩን ለሌላ ቀን አስቀመጠው እንጂ አልፈታውም። 

መቆለፍ ለሁሉም ግዴታ ነው ወይ ቢባል አይመስለኝም። የዕለት ስልካችሁ ከሆነ፣ ገንዘብ የምታንቀሳቅሱበት ከሆነ፣ ወይም ለሌላ ሰው የምታስተላልፉት ከሆነ ይቆለፍ። አምራቹ ዝማኔ ማውጣት ያቆመለት፣ ሌሎች ባዘጋጁት ሥርዓተ ክወና የምትጠቀሙበት አሮጌ ስልክ ከሆነ ግን አትንኩት፤ ያ ሥርዓት የአምራቹ ፊርማ የለውም። ከዚህ ውጭ የሆኑት የራሳቸውን ቁልፍ ለሚቀበሉ ስልኮች የተዘጋጁ ጥቂት ሥርዓቶች ናቸው፤ በፒክስል ላይ እንደነዚህ ያለውን ጭኖ መቆለፍ ይቻላል፣ ስልኩ ሲነሳ ቢጫ ማስታወቂያ ያሳያል።

የማይመለስ ነገር አለ?

አለ። ሳምሰንግ እ.ኤ.አ. ከ2013 አንስቶ ኖክስ በሚለው የደኅንነት ሥርዓቱ ውስጥ በቺፑ ላይ የሚቃጠል ጥቃቅን ፊውዝ አስገብቷል። አምራቹ ያልፈረመው ሶፍትዌር ሲነሳ ፊውዙ ይቃጠላል፣ ምልክቱም ከ0 ወደ 1 ይቀየራል። ስለ ሶፍትዌር ስናወራ «ይቃጠላል» ስንል አብዛኛውን ጊዜ በምሳሌ ነው፤ ይህ ግን በእውነት የሚቃጠል ነገር ነው። የትኛውም ፈርምዌር፣ የትኛውም መቆለፍ ወደ 0 አይመልሰውም። ሩቱ ከተነሳ ከዓመታት በኋላ እንኳ ሳምሰንግ ፔይ እና ሴኪዩር ፎልደር በዚያ ስልክ ላይ አይከፈቱም።

የቀድሞዎቹ የሶኒ ኤክስፔሪያ ስልኮችም ተመሳሳይ ጣጣ ነበረባቸው። ቡትሎደሩ ሲከፈት በስልኩ ውስጥ የነበሩ ልዩ ቁልፎች ይጠፋሉ፣ ከእነርሱ ጋር አንዳንድ የካሜራ ሥዕል ማሻሻያዎች ይሄዳሉ። ቁልፎቹን አስቀድሞ ያልገለበጠ ሰው መልሶ በመቆለፍ አያገኛቸውም።

ሩቱ ሲነሳ ሩት የሠራላችሁም ሥራ ይሄዳል። ያጠፋችኋቸው የፋብሪካ መተግበሪያዎች ከአዲሱ ሲስተም ጋር ይመለሳሉ። በስልኩ ሁሉ ላይ ማስታወቂያ ያግድ የነበረው ፋይል ይጠፋል። በሩት ሥልጣን ብቻ የሚሠሩ የምትኬ መተግበሪያዎች ያስቀመጡት ደግሞ ሩት በሌለው ስልክ ላይ ላይከፈት ይችላል፤ ከማንሳታችሁ በፊት ከውስጡ የምትፈልጉትን አውጡ።

መነሳቱን በምን አረጋግጣለሁ?

ስልኩን አጥፍታችሁ አብሩት። ቡትሎደሩ ክፍት የሆነ ስልክ ብዙውን ጊዜ ከመነሳቱ በፊት፣ የአምራቹ ምልክት በሚታይበት ጊዜ፣ የመክፈቻ ማስጠንቀቂያ ወይም የተከፈተ ቁልፍ ሥዕል ያሳያል። ከሌለ ጥሩ ምልክት ነው። ቀጥሎ በፕሌይ ስቶር ቅንብሮች ውስጥ ስለ መተግበሪያው በሚለው ሥር ስልኩ የተረጋገጠ መሆን አለመሆኑ ተጽፎ ይገኛል። የሩት መፈተሻ መተግበሪያዎችም አሉ፤ የሚመልሱት ግን «ሱ» አለ ወይ የሚለውን ብቻ ስለሆነ በእነርሱ «የለም» ረክታችሁ አትቁሙ። ሳምሰንግ ከሆነ ደግሞ ኦዲን በሚጠቀምበት የማውረጃ ገጽ ላይ ስለ ፊውዙ የሚናገረውን መስመር አንብቡ። ሁለተኛ እጅ ስልክ የሚገዛ ሰውም ከመክፈሉ በፊት ይህንኑ ገጽ ማየት ይችላል፤ ሻጩ ስልኩን ስንት ጊዜ ቢጠርገው ያ ቁጥር 1 ከሆነ 1 ነው።